በሱቁ የምትቀመጠው

«እናትሽ እዚህ ምን ትሠራለች?»

«አጎቴን ታግዛለች።»

«በየቀኑ?»

«አልፎ አልፎ።»

«ሱቁን የሚከፍተውስ ማነው?»

ኬታኪ መሬት መሬት አየች። መልሱ ጠፍቷት አይደለም። አጎቷ ዲጋምባር ከትናንት ጀምሮ እየደጋገመ ስላስጠናት እንደ ትምህርት ቤት ግጥም በቃሏ ይዛዋለች። ነገር ግን እዚህ ጥያቄ ላይ ሲደርስ ዓይኗ ሳታስበው ወደ ሱቁ ውስጠኛ ክፍል ይሄዳል። እናቷ ሻርዳ እዚያ ተቀምጣ የተቆላ ኦቾሎኒ ከነጭ ሽንኩርትና ከደረቅ በርበሬ ጋር ትወቅጣለች። የሙቀጫው ድምፅ አንዴም አላቋረጠም።

«"አጎቴ ዲጋምባር ነው የሚከፍተው" ትያለሽ» አለ አጎቷ፣ መልሱን ራሱ ሰጥቶ። «ይሄ ምኑ ይከብዳል፣ ኬቱ? ደግሞ ስትናገሪ መሬት መሬት አትዪ። መሬት የሚያይ ሰው የሚዋሽ ነው የሚመስለው።»

ኬታኪ «ታዲያ እየዋሸን አይደለም እንዴ?» ልትል ፈልጋ ተወችው። አጎቷ ከፑኔ ከተማ የመጣው ለእነሱ ሲል እንደሆነ እናቷ ነግራታለች።

የታምባት ገበያ ሊፈርስ ነው። የሶላፑር ከተማ ሰው ይህን ወሬ ለዓመታት ሲሰማ ኖሮ መጨረሻ ላይ ማመን አቁሞ ነበር። ዘንድሮ ግን መሐንዲሶች መጥተው ግድግዳው ላይ ቀይ ምልክት ቀቡ። በቦታው ባለ አራት ፎቅ የገበያ ሕንፃ ይሠራል። እስከዚያው ነጋዴዎቹ ከአውቶቡስ ተራው ጀርባ በቆርቆሮ መደብሮች ይቆዩና ሕንፃው ሲያልቅ ሱቅ ሱቃቸውን ይረከባሉ። ማን እንደሚረከብ ለማወቅ የማዘጋጃ ቤት መዝጋቢዎች በየሱቁ እየዞሩ በእርግጥ የሚነግደውን ሰው ይመዘግባሉ ተባለ። ከዚያ ወዲህ ገበያው ተለወጠ። ሚዛን ይዋዋሱ የነበሩ ጎረቤታሞች አንዱ ሲያልፍ ሌላው ወሬውን ይቆርጣል። ተዘግተው የከረሙ ሱቆች ባንድ ሌሊት ባለቤት አገኙ። ኬታኪ አይታቸው የማታውቃቸው ሰዎች ባዶ መደርደሪያ ፊት ተቀምጠው ዝንብ ማባረር ጀመሩ።

የኦቾሎኒ ድልሁ ሱቅ የአያቷ ነበር። አያቷ ሲሞት ኪራዩ ወደ ወንድ ልጁ ወደ ዲጋምባር ስም ዞረ። እሱን ግን የሚወቀጠው በርበሬ ዓይኑን እያቃጠለ አስመረረው። ፑኔ ሥራ አገኘና ቁልፉን ለእህቱ ሰጥቶ ሄደ። ኬታኪ ያኔ ጡት አልጣለችም። አባቷ በታመመበትም ሆነ ከሞተ በኋላ ቤተሰቡ የኖረው ከዚህች ሱቅ ነው። አጎቷ ለሠርግና ለሐዘን ይመጣ ነበር። አሁን ግን ሻንጣ ይዞ መጥቶ ከፊት፣ ደንበኛ በሚያየው ቦታ ተቀመጠ፤ እናቷንም ወደ ውስጥ አስገባት።

ምክንያቱን ሲያስረዳ ድምፁ ለስለስ ያለ ነበር። በማዘጋጃ ቤቱ ደንብ ሱቅ የተከራየ ሰው ለሌላ አሳልፎ መስጠት አይችልም። የምትነግደው ሻርዳ መሆኗ ከታወቀ ሱቁን መንግሥት ይወስደዋል፤ ለእሱም ለእነሱም አይሆንም። ስለዚህ መዝጋቢዎቹ እስኪያልፉ እሱ ነጋዴ ይሁን፣ እሷ ተቀጣሪ ትሁን። አዲሱ ሱቅ ሲሰጥ ሁሉም ነገር ወደ ነበረበት ይመለሳል። እናቷ ሰምታ ስትጨርስ ራሷን በእሺታ ነቀነቀች።

ነገሩ ልክ ይመስላል። ኬታኪን ግን አንድ ነገር ከነከናት። በዚያው ሳምንት ከጥናት ስትመለስ አጎቷን ከአንድ የተተኮሰ ሸሚዝ ከለበሰ ሰውዬ ጋር ሻይ ቤቱ በር ላይ ቆሞ አየችው። ሰውዬው ሱቃቸውን እያየ ሁለት እጆቹን ዘርግቶ ስፋት የሚለካ ይመስል ነበር። ዲጋምባር ኬታኪን ሲያይ ሳቁን ዋጠ። «የድሮ ጓደኛዬ ነው» አላት፣ ሳትጠይቀው። ማታ ማሽላ ቂጣቸውን ሲበሉ ደግሞ ከሰዓት በኋላውን በሙሉ ቤተ መቅደስ እንደዋለ ለእናቷ ነገራት። ኬታኪ ቀና ብላ አየችው። እሱ ወደ ሳህኑ አቀርቅሮ ነበር።

ያየችውን ለማንም አልተናገረችም። ለታስኒም እንኳ።

ታስኒም የክፍል ጓደኛዋ ናት፤ አባቷ ያኩብ ከጎናቸው የመስታወት አምባር ይሸጣል። ኬታኪ ከሕፃንነቷ ጀምሮ እንደ አጎት ቆጥራ ቻቻ ትለዋለች። በማግስቱ በእረፍት ሰዓት ታስኒም ራሷ ጀመረችው።

«አጎትሽ ምን አለ ስለ ምዝገባው?»

«ምንም። ለምን ጠየቅሽኝ?»

«አባቴ ነው። "እነ ሻርዳ ሊበሉ ነው" ሲል ሰማሁት። እናትሽ ተቀጣሪ ነኝ ካለች አለቀላት አለ። ነቄ በይ ኬቱ፣ ሰውዬው እየፎገራችሁ ነው።»

ኬታኪ ስትፈራው የቆየችው ፍርድ የተነገራት መሰላት። ያም ሆኖ ቤተሰቧን መከላከል ቀደማት። አጎቷ ስለ ደንቡ ያለውን ሁሉ ነገረቻት። ታስኒም ትከሻዋን ሰበቀች። እሷ የምታውቀው አባቷ ያለውን ብቻ ነው።

ሱቅ ስትደርስ ኬታኪ የያኩብን ስም ሳትጠራ «ሰዎች እንዲህ ይላሉ» ብላ ለአጎቷ አነሳችለት። እሱ ግን ወዲያው ገባው። እየሳቀ፣ ወደ ጎረቤት ሱቅ በአገጩ አመለከተ። ያኩብ ይህችን ቦታ ሲመኝ ስንት ጊዜው ነው፣ ግድግዳውን አፍርሶ ሱቁን ሊያሰፋ ይፈልጋል፣ እኛ ተጣልተን ሁለታችንም ብንቀር የሚደሰተው እሱ ነው አላት። «ሄደሽ ጠይቂያት ያቺን ጓደኛሽን። አባቷ ለምን ፑኔ ድረስ ስልክ እንደደወለልኝ ጠይቂያት።»

ጠየቀቻት። ታስኒም ስለማታውቀው ነገር እንደምትስቀው አልሳቀችም። የጫማዋን ማሰሪያ ፈታ መልሳ ማሰር ጀመረች።

«ደውሎለታል» አለች በመጨረሻ። «አምና። ኪራዩን ወደ እኔ ስም አዙርልኝ ብሎት ነበር። አጎትሽ እምቢ አለው።»

«እኛን ከሱቁ አስወጥቶ ማለት ነው?»

«ኬቱ፣ እኔ ምን ላድርግ? እኔ ነኝ እንዴ የደወልኩት?»

«ታውቂ ነበር ግን።»

«አውቅ ነበር።»

ኬታኪ ደብተሮቿን ይዛ ሌላ ወንበር ላይ ሄዳ ተቀመጠች። ያን ቀንና በማግስቱ ሁለቱ አልተነጋገሩም። በገበያው ውስጥ ስታልፍ ያኩብ እንደ ወትሮው «ደህና ዋልሽ ልጄ» ሲላት አንገቷን ሰበር አድርጋ አለፈችው። ማታ ተኝታ ስታስበው ሁለቱም ሰዎች የሚናገሩት እውነት ሊሆን ይችላል፤ ሁለቱም ደግሞ ከእውነቱ ላይ ለራሳቸው የሚሆነውን ቆርጠው ሊሆን ይችላል። አጎቷ ሱቁን ይፈልጋል። ያኩብ ሱቁን ይፈልጋል። ሱቁን የማይፈልግ፣ ደንቡን ግን የሚያውቅ ሰው ከየት ይገኛል?

ይህንኑ ጥያቄ ቅዳሜ ከትምህርት ሲለቀቁ ለታስኒም አቀረበችላት፣ ፊቷን ሳታዞር። ታስኒም እርቅ ሲጠብቅ እንደቆየ ሰው ፈጥና መለሰች። የአክስቷ ልጅ ከባሏ ስትለያይ ፍርድ ቤት ግቢ ውስጥ ለሴቶችና ለልጆች በነፃ የሕግ ምክር የሚሰጥበት ክፍል ሄዳ ነበር።

«በነፃ?» አለች ኬታኪ። «ማነው በነፃ የሚሠራ?»

«ሄደን እንየዋ። ሼም ነው ካልሽ እኔ እጠይቅልሻለሁ።»

ክፍሏ ጠባብ ነበረች። አናጋ የምትባል ወጣት ጠበቃ ምሳዋን ጠረጴዛው ላይ ዘርግታ እየበላች ነበር፤ ሁለት የደንብ ልብስ የለበሱ ሴት ልጆች ሲገቡባት ክዳኑን ገጠመችና ወንበር አሳየቻቸው። ኬታኪ አልተቀመጠችም። ከሁሉ በፊት ለዚህ ሥራ ማን እንደሚከፍላት ጠየቀቻት። ታስኒም በክርኗ ጎሸመቻት። ጠበቃዋ ግን አልተቆጣችም፤ ደመወዟ ከመንግሥት እንደሆነ፣ እሱም ትንሽ እንደሆነ ነገረቻት።

«ታምባት ገበያ ውስጥ ዘመድ አለዎት?»

«የለኝም። እዚያ የማውቀው ሰው ቢኖር ሳላማርጥ ጥሩ ድልህ እገዛ ነበር።»

ኬታኪ ያኔ ተቀመጠች። የጓደኛ ቤተሰብ ነገር አስመስላ ልትጀምር ነበር፤ መሀል ላይ «እናቴ» ብላ ተሳሳተችና የራሷ መሆኑ ታወቀ። ጠበቃዋ እስክትጨርስ አላቋረጠቻትም። ከዚያ በቀላል ቋንቋ አስረዳቻት። አጎቷ ያለው ደንብ እውነት አለ፤ ሱቅን ለሌላ ሰው ማከራየት ክልክል ነው። ነገር ግን እህት በወንድሟ ፈቃድ፣ ለእሱ ኪራይ ሳትከፍል፣ የማዘጋጃ ቤቱን ኪራይ ራሷ እየከፈለች ብትነግድ እሱ ሌላ ጉዳይ ነው። የቤተሰብ ሥራ ነው ብላ መከራከር ትችላለች። ሱቁ ሲፈርስ ጊዜያዊ ቦታ የሚሰጠው በምዝገባው ቀን ሲነግድ ለተገኘው ሰው ነው። የአዲሱ ሱቅ ስም ላይ ክርክር ካለ ሁለቱም ሳይሰሙ አይወሰንም፤ ማንንም ሳይሰሙ ማስወጣት አይቻልም።

«ስለዚህ እናሸንፋለን?» አለች ታስኒም።

«አላልኩም። የወንድሟም ስም ባዶ ነገር አይደለም፣ ሰሚው ሁለቱንም ይመዝናል። እኔ የምላችሁ አንድ ነገር ነው። ከራሷ አፍ "ተቀጣሪ ነኝ" የሚል ቃል ከወጣ፣ ያን ቃል በኋላ መመለስ ከባድ ነው። ተቀጣሪ ሱቅ አይሰጠውም።»

ኬታኪ ያን መልስ እሷ ብትሰጠውስ፣ እናቷ ዝም ብትል፣ እሷ ለመዝጋቢዎቹ እውነቱን ብትነግራቸውስ ብላ ጠየቀች።

አናጋ ጥቂት አሰበች። «አንቺ እውነቱን መናገር ትችያለሽ። መብቱ ግን የእናትሽ ነው። እሷ ካልጠየቀችው ማንም ሊጠይቅላት አይችልም።»

መንገድ ላይ ታስኒም ብዙ አወራች። ኬታኪ አልመለሰችላትም፤ ግን እጇን ስትይዛት አልነጠቀቻትም።

እናቷን ብቻዋን ማግኘት ቀላል አልነበረም። ዲጋምባር ገላውን ሊታጠብ ሲሄድ ጠብቃ ሁሉንም ነገረቻት፤ ጠበቃዋን፣ ሻይ ቤት በር ላይ ያየችውን ሰውዬ፣ የቤተ መቅደሱን ወሬ። እናቷ ኦቾሎኒ እየለቀመች ነበር። ፊቷ አልተለወጠም።

«ፍርድ ቤት ሄድሽ» አለች።

«ለመጠየቅ ብቻ ነው።»

«በወንድሜ ላይ ጠበቃ ዘንድ ሄድሽ። ሰው አላየሽም?»

«እማዬ፣ ውሸቱን'ኮ አየሁት። ሰውዬው ሱቃችንን በእጁ ሲለካው አየሁት።»

«እሱን መች አጣሁት?» አለች እናቷ፣ ድምፅዋን ሳታነሳ። «እኔ ጅል የሆንኩ ይመስልሻል? በመጣ ዕለት ነው የጠረጠርኩት። ግን ምን ልበለው? አባቴ ሲሞት ቤቱንም ሱቁንም ለወንድሜ ይሁን ብዬ የለቀቅኩት እኔ ነኝ። ወግ ነው፤ ሁሉም እህት ታደርገዋለች። ከእሱ ጋር ከተጣላሁ ለአንቺ ሠርግ ማን ከጎኔ ይቆማል? ማነው የቀረኝ?» ከዚያ ኦቾሎኒውን መልቀም ቀጠለች። «ተይኝ አሁን። የተባልሽውን በይ።»

ኬታኪ ከዚህ በላይ አልገፋችም። እናቷ ታውቅ የነበረ መሆኑ ግን ከአጎቷ ውሸት በላይ አስደነገጣት። አንድ ቤት ውስጥ ሦስት ሰዎች እየተጠራጠሩ፣ እየተያዩ፣ ከአንድ ማዕድ ሲበሉ ከርመዋል።

መዝጋቢዎቹ የመጡት በማክሰኞ ጠዋት ነው። አንዲት ቀጠን ያለች መነጽር ያደረገች ሴትዮና ፎቶ የሚያነሳ ረዳት ነበሩ። ዲጋምባር ከልብሱ በላይ አዲስ የሥራ ሽርጥ ታጥቆ ከፊት ተቀምጧል። ያኩብ በሱቁ በር ላይ አምባር የሚያብስ መስሎ ጆሮውን ጥሏል። ኬታኪ ከትምህርት ቤት አስፈቅደዋት ቀርታለች፤ ከመደርደሪያው ጎን ቆማ የምትይዘው ነገር አጥታ ሚዛኑን ያዘች።

ሴትዮዋ ስም ጠየቀች። ዲጋምባር ተናገረ። ማን ነው የሚነግደው ስትል እኔ ነኝ አለ። ከውስጥ ያሉትስ? ተቀጣሪ ናት፣ እህቴም ናት፣ ታግዘኛለች አለ፤ ሁለቱን አንድ ላይ ሲለው ትንሽ ተንተባተበ። ሴትዮዋ ወዲያው አልጻፈችም። አንድ ደንበኛ ከኋላዋ መጥታ በዲጋምባር ትከሻ ላይ አሻግራ «ሻርዳ፣ የተለመደውን» ብላ ጠርሙሷን ዘረጋች። ማንም አልተቀበላትም።

መዝጋቢዋ ፊቷን ወደ ኬታኪ መለሰች።

«አንቺ ልጃቸው ነሽ? ጠዋት ጠዋት ሱቁን የሚከፍተው ማነው?»

ዲጋምባር አያት። ኬታኪ መሬት አላየችም። የተጠናው መልስ ምላሷ ላይ ነበር፤ ሌላኛውም መልስ ነበር። ሌላኛውን ብትናገር እናቷ በወንድሟ ፊት፣ በገበያው ፊት በልጇ አፍ ትጋለጣለች፤ በራሷ ቃል ሳይሆን። ሚዛኑን አስቀመጠች።

«እሱን እናቴ ትመልስልዎት» አለች። «እኔ አልመልስላትም።»

የሙቀጫው ድምፅ ቆመ። ዲጋምባር ሳቅ አለና ልጅ ነች፣ አፍራ ነው አለ። መዝጋቢዋ ግን ወደ ውስጥ እየተመለከተች ጠበቀች። ሻርዳ ከመቀመጫዋ ስትነሳ እጇን በሳሪዋ ጫፍ ጠረገች። ወደ ፊት መጣች። ወንድሟ በተቀመጠበት በኩል ለማለፍ ቦታ ስላልነበረ ከጀርባው ቆመች፤ ስትናገር ፊቱን አታየውም ነበር።

«ስሙ የወንድሜ ነው» አለች። «ሱቁን ሰጥቶኝ ፑኔ ሄደ። ከዚያ ወዲህ የምከፍተው እኔ ነኝ፣ የምወቅጠው እኔ ነኝ፣ ለማዘጋጃ ቤት የምከፍለውም እኔ ነኝ። ተቀጣሪ አይደለሁም። የቀጠረኝ ሰው የለም።»

«ሻርዳ» አለ ዲጋምባር በዝግታ።

«የሱን ስም አትሰርዙት» አለቻት መዝጋቢዋን። «የኔንም ጻፉት። ብቻ ሁለቱንም ጻፉት።»

ሴትዮዋ ጻፈች። ስም ላይ ክርክር ስላለ በኋላ ሁለታቸውም ተጠርተው እንደሚሰሙ አስረዳች፤ ረዳቱም ሻርዳን በሱቁ ፊት አቁሞ ፎቶ አነሳት። ለፎቶው ዲጋምባር ከወንበሩ መነሳት ነበረበት። የተነሳው ሽርጡን እየፈታ ነው።

ከሰዓት በኋላ ሻንጣውን ይዞ ወጣ። ምሳ አልበላም። እናቷ ለመንገድ የጠቀለለችለትን ቂጣ ጠረጴዛው ላይ ትቶት ሄደ፤ እሷም ሳትነካው እዚያው ዋለ። ያን ማታ ኬታኪ ይቅርታ ልትላት ብትጠጋት እናቷ «ሂጂ አጥኚ» ብቻ አለቻት። ድምፅዋ ግን የተቆጣ ሰው ድምፅ አልነበረም።

ገበያው ክረምት ሳይገባ ፈረሰ። ከአውቶቡስ ተራው ጀርባ ባለው የቆርቆሮ ተራ አንደኛው መደብር በሻርዳ ስም ተሰጠ፤ የአዲሱ ሱቅ ጉዳይ ግን ለመስማት ቀጠሮ ተይዞለት ቆየ። ለያኩብ ከእነሱ ጎን ያለ መደብር አልደረሰውም፤ በሌላኛው ጫፍ ነው ያለው። አንድ ቀን መጥቶ በቀጠሮው ዕለት እኔ ልናገርላችሁ፣ እንዲህ ያለ ነገር ያላወቀ ሰው አይችለውም ብሎ ነበር። እናቷ አመስግና የሚያውቀውን ለመመስከር ከመጣ ደስ እንደሚላት፣ የራሷን ነገር ግን ራሷ እንደምትናገር ነገረችው። ታስኒም ይህን ስትሰማ «አባቴን አሳፈራችሁት» ብላ ሳቀች። ሁለቱ እንደገና አንድ ወንበር ላይ ይቀመጣሉ። ቢሆንም ኬታኪ አንዳንድ ነገር ለታስኒም ከመንገሯ በፊት አሁን አንዴ ታስባለች።

ቀጠሮው ሲቃረብ አንድ ከሰዓት እናቷ ኦቾሎኒ ልታመጣ ወጥታ ኬታኪ ብቻዋን መደብሩ ውስጥ ተቀምጣ ነበር። ቆርቆሮው ግሏል። ቀና ስትል አጎቷ ከፊቷ ቆሟል። ከስቷል፣ ጢሙም አድጓል። እናቷን ጠየቃት፤ አሁን ትመለሳለች አለችው። በፑኔ ያለው ሥራ ከተበላሸ ብዙ ወር እንደሆነው፣ ያ ሻይ ቤት በር ላይ ያየችው ሰውዬም አዲሱን ሱቅ አስቀድሞ ሊገዛው ቃል ገብቶለት እንደነበር ሳትጠይቀው ተናገረ።

«እናንተን ልጥል አልነበረም'ኮ» አለ። «ለእናትሽም ድርሻ እሰጣት ነበር።»

ኬታኪ ሊሆን ይችላል ብላ አሰበች። ላይሆንም ይችላል። ፊቱን አይታ ማወቅ አልቻለችም።

እሱ ላቡን እየጠረገ ወደ ውስጥ፣ ወደ መቀመጫዋ አየ። ውስጥ ያለው ወንበር አንድ ብቻ ነው። ታላቅ ሲመጣ ተነስቶ ቦታ መልቀቅ ደግሞ ማንም ሊነግራት የማያስፈልግ ነገር ነው፤ ጉልበቷ ሳይቀር ራሱ ሊነሳ ጀምሮ ነበር።

ተነሳች። ከጥግ ያለውን በርጩማ አውጥታ ከመደብሩ ፊት፣ ጥላው የሚደርስበት ቦታ ላይ አኖረችለት። ውኃ ቀድታ በሁለት እጇ ሰጠችው። ቂጣ ከድልህ ጋር አቀረበችለት፤ እሱም ርቦት ነበርና በላ።

ከዚያ ወደ ውስጥ ተመልሳ ወንበሩ ላይ ተቀመጠች፣ እናቷ እስክትመጣ።